የአስታ አፋፍ ሃያ አንድ ጭስ

አስታ አፋፍን በካርታ ላይ የሚፈልግ ሰው ካለ ባይደክም ይሻለዋል። ከአንኮበር ወደ ምሥራቅ፣ መንገዱ ወደ አልዩ አምባ ቁልቁል መውረድ ሲጀምር፣ በስተግራ ገደሉ ላይ የተንጠለጠለች መንደር ናት። ላይኛው ጫፏ አስታ የሚባለው ቁጥቋጦ የሚበቅልበት፣ ክረምቱን ሙሉ ጉም የማይለየው ብርዳም አገር ነው፤ ከገብስና ከባቄላ በስተቀር እህል አያውቅም። ታችኛው ጫፏ ማሽላ የሚዘራበት፣ ሰው ጋቢውን አውልቆ ትከሻው ላይ የሚጥልበት ቆላ ነው። ከላይ ወደ ታች ለመውረድ አንድ ሰዓት፣ ለመውጣት ሁለት ሰዓት ያስፈልጋል፤ ጉልበቱ የደከመ ሰው ሦስት ይበለው። ላይኞቹ ክርስቲያኖች፣ ታችኞቹ እስላሞች ናቸው። አንዲት መንደር ናት። ይህን በድፍረት የምናገረው ግን ዛሬ ነው፤ በ1949 ዓ.ም. እንዲህ ብሎ የሚከራከር ሰው ከላይኞቹ መካከል አልነበረም። እኔም አልነበርኩም።

አገሬን ያስተማሩኝ የመንደራችን ጭቃ ሹም ገብረአማኑኤል ናቸው። እኔ ብርሃነ መስቀል አንኮበር ዳዊት ደግሜ፣ ደብረ ብርሃን እስከ ስድስተኛ ክፍል ተምሬ፣ አባቴ ሲሞት ወደ መሬታችን የተመለስኩ ሰው ነኝ። በመንደሩ ብዕር የምይዘው እኔ ብቻ ስለነበርኩ የሁሉም ማመልከቻ ጸሐፊ ሆንኩ፤ እንደ ተማረ ሰውም ትንሽ እኮራ ነበር። ጋሽ ገብረአማኑኤል ፊደል አይለዩም። ነገር ግን የትኛው ምንጭ በማን እንደተቆፈረ፣ የትኛው ናዳ በየትኛው ዓመት የማንን አውድማ ይዞ እንደወረደ፣ የትኛው ማሳ ለማን ጥሎሽ እንደተሰጠ ጠይቀው ሳይመልሱ ቀርተው አያውቁም። እንደ እሳቸው አነጋገር ላይኛውን መንደር ያቀኑት በቅሎ ጠባቂ የነበሩ ሦስት ወንድማማቾች ናቸው። ታችኛውን ያቀኑት ደግሞ ጥጥና አሞሌ ጭነው ይመላለሱ የነበሩ ነጋዴዎች ናቸው፤ በአንድ የድርቅ ዓመት ግመሎቻቸው ቢያልቁባቸው እዚያው ምንጭ ቆፍረው ቀሩ። በበጋ የላይኞቹም ከብት የሚጠጣው ከዚያ ምንጭ ነው። ይህን ሁሉ ያውቁ ነበር፤ ለዚህ ነው ያደረጉት ነገር እስከ ዛሬ የሚገርመኝ።

በ1949 ጥቅምት ላይ ከወረዳ ጸሐፊዎች መጥተው ጭስና ነፍስ፣ ማለት ቤትና ሰው፣ ሊቆጥሩ ነው የሚል ወሬ ደረሰ። ከቅዳሴ በኋላ ሽማግሌዎቹ በቤተ ክርስቲያኑ ግንብ ሥር ተቀመጡ። ቄስ ገብረመንፈስቅዱስ ንጉሡ ዳዊት ሕዝቡን ቢያስቆጥር ሰባ ሺህ ሰው በቸነፈር እንዳለቀበት አስታወሱ። ቄሱ ከልባቸው ፈርተው ነበር፤ ይህን እመሰክርላቸዋለሁ። ሌላው ግን የፈራው ቸነፈሩን ሳይሆን ግብሩን ነበር፤ ግብር ብሎ ከመናገር ዳዊት ብሎ መናገር ስለሚያምር ሁሉም ዳዊት፣ ዳዊት አለ። መላ የማምጣቱ ነገር በጭቃ ሹሙ ላይ ወደቀ።

ጋሽ ገብረአማኑኤልም መላውን አመጡ። ጸሐፊዎቹ በሚደርሱበት ጠዋት ሃያ አንድ ቤት ብቻ እሳት እንዲያነድ አዘዙ። የቀረው ስልሳ ያህል ቤት በሩን ዘግቶ፣ አመዱን ቀብሮ፣ ትናንት የቆላውን ቆሎ እየቆረጠመ ዋለ። ልጆቹ ከነፍየሎቹ ወደ ገደሉ ተሸኙ። ጭቃ ሹሙ ራሳቸው ጸሐፊዎቹን እየመሩ፣ በጉም ውስጥ በጠመዝማዛው መንገድ አዙረው አዙረው አደከሟቸው። ሰዎቹ ከአፋፉ ቁልቁል ሲያዩ ከታች ብዙ ጭስ ታያቸውና፣ «ያስ የማን ነው?» አሉ።

«እሱ የአልዩ አምባ ነው» አሉ ጋሽ ገብረአማኑኤል።

ጸሐፊዎቹ ቁልቁለቱን አይተው በደስታ አመኗቸው። ወረቀቱ ላይ ሃያ አንድ ጭስ፣ አሥራ አራት ልጆች ተብሎ ተጻፈ፤ ጭቃ ሹሙም አውራ ጣታቸውን ቀለም ነክረው አተሙበት። ሚስታቸው እትዬ ደመቀች በዚያን ሰሞን የወለዷትን ወለተሐናን ይዘው፣ እንዳታለቅስ ጡት በአፏ ከተው ጓዳ ተቀምጠው ነበር። ከተደበቁት ልጆች ሁሉ ትንሿ እሷ ነበረች።

ከዚያ በኋላ ጋሽ ገብረአማኑኤል የተመረቁት ምርቃት ብዛት ተወርቶ አያልቅም። በሠርግ ቤት ከሙሽራው አባት ጎን የሚቀመጡት እሳቸው ሆኑ። «ያስ የማን ነው?» ብሎ የጸሐፊውን ድምፅ የሚያስመስል ሰው ከተገኘ መንደሩ በሳቅ ይፈርስ ነበር። እኔም ስቄያለሁ።

ስምንት ዓመት እንዲህ አለፈ። በ1957 መንግሥት ቆርቆሮና አስተማሪ ይሰጣል፣ ሕዝቡ ድንጋይ፣ እንጨትና ጉልበት ያዋጣል፣ በየገጠሩም ትምህርት ቤት ይሠራል ተባለ። እስከዚያ ድረስ ለእኛ ቅርቡ ትምህርት ቤት ጎረቤላ ነበር፤ ለትንሽ ልጅ የሦስት ሰዓት ዳገት ነው። ከመንደራችን የሞከሩት ሁለት ልጆች ብቻ ሲሆኑ ሁለቱም ክረምት ሲገባ ተዉት። ወለተሐና ስምንት ዓመት ሆኗት ነበር። ለመልእክት ወደ እኔ ስትላክ የተላከችበትን ትረሳና፣ ስጽፍ አጠገቤ ተቀምጣ ጣቷን በአመድ ላይ ታንቀሳቅሳለች። አባቷ ይህን አይተዋል። ትምህርት ቤቱን ከማንም በላይ የፈለጉት እሳቸው ነበሩ፤ ለሌላ ሰው ባይናገሩትም ለእኔ ነግረውኛል።

በኅዳር ሁለታችን በጭነት መኪና ላይ ተቀምጠን፣ ብርዱ ጆሯችንን እየቆረጠን ደብረ ብርሃን ደረስን። የትምህርት ጉዳይ የሚመለከታቸው ሹም መነጽር ያደረጉ፣ ቀስ ብለው የሚናገሩ ሰው ነበሩ። ማመልከቻዬን አንብበው አንድ ፋይል አስመጡ።

«አስታ አፋፍ» አሉ። «ሃያ አንድ ጭስ። አሥራ አራት ልጆች። ትምህርት ቤት የሚሠራው ስልሳ ተማሪ ላለው ቦታ ነው። ከወንዙ ማዶ ያለችው ጎሽ ሜዳ ሰማንያ ልጆች አሏት፤ እሷም ጠይቃለች። ልጆቻችሁ ወደዚያ ይሻገሩ።»

ያን ወንዝ በክረምት የሚሻገር አዋቂ እንኳ የለም። እኔ ጋሼን አየኋቸው፤ ይናገራሉ ብዬ ጠበቅሁ።

ሹሙ ወረቀቱን ወደ እኛ አዞሩት። «ይህ የጣት አሻራ የማን ነው?»

«የእኔ ነው፣ ጌታዬ።»

«እንግዲያው ቁጥሩን ያውቁታል።»

«አውቀዋለሁ» አሉ፤ ሌላ ምንም ሳይጨምሩ።

ይህ መልሳቸው ለቀደመው ውሸት ሌላ ውሸት እንደመጨመር ነበር። እኔ በተሰበረ አንደበት ሰዉ በዝቷል፣ ዘመኑም ተለውጧል እያልኩ ቀባጠርኩ። ሹሙ ታግሰው ሰሙኝና፣ «የመንደራችሁን ነገር በዝርዝር ጻፉልኝ» አሉ። «ወሰኗ የት ድረስ ነው፣ ማን ይኖርባታል፣ እንዴት ተመሠረተች፣ ስንት ቤትና ስንት ልጅ አለ። እስከ መጋቢት ድረስ እጠብቃለሁ። ግን አዲሱን ቁጥር የሚያመጣልኝ የቀድሞውን ያተመው ሰው ከሆነ፣ ለምን እንደማምነው ጭምር ጻፉልኝ።»

ስንመለስ መኪናው ላይ አልተናገርኩም፤ ነፋሱ አያናግርም ነበር። አንኮበር ወርደን በእግር ስንሄድ ግን ያለኝን ሁሉ ዘረገፍኩት። ዕድሜያቸውን እንኳ አላከበርኩም። ጋሼ እስክጨርስ ሰሙኝ። ከዚያ ቀስ ብለው፣ «አሻራዬን ሳየው አፌ ተያዘ» አሉ። «ነገ ወረቀትህን ይዘህ ና።»

አራት ቀን ሙሉ መንደሯን በእግራችን ለካናት። እሳቸው እየነገሩኝ እኔ እጽፍ ነበር፤ በስተሰሜን ወንዙ፣ በስተደቡብ የዝንጀሮ ገደል፣ በስተምዕራብ አስታው የሚያልቅበት ሜዳ። እያንዳንዱ ድንጋይ ታሪክ ነበረው፤ እኔም ወረቀት እንዳይጎድለኝ ፈርቼ ያሳጥሩ እላቸው ነበር። አያሳጥሩም። ወደ ምሥራቅ ስንደርስ ግን ቁልቁለቱ ጫፍ ላይ ቆሙና፣ «የምሥራቁን ወሰን ኋላ እነግርሃለሁ» አሉ።

ቤቱን መቁጠር ቀላል ነበር። ልጁ ግን አስቸገረን። እናቶቹ ልጅ መቁጠር ዓይን ያስበላል፣ ክፉ ይጠራል ብለው በር ዘጉብን። ይህን የፈቱት እትዬ ደመቀች ናቸው። አንድ ቅል ይዘው ከቤት ቤት ዞሩ፤ እያንዳንዷ እናት ለትምህርት ለደረሰ ልጇ አንድ አንድ ባቄላ ጣለችላቸው። ቄስ ገብረመንፈስቅዱስ ተጠይቀው ብዙ ካሰቡ በኋላ፣ «ዳዊት ባቄላ ቆጠረ የሚል አላነበብኩም» አሉ። ባቄላው ተዘርግፎ ሲቆጠር አርባ ሦስት ሆነ። ሁለት ጊዜ ደግመን ቆጠርነው፤ ያው አርባ ሦስት ነው።

ስልሳ ለመድረስ ታችኞቹ ያስፈልጉን ነበር። ጋሽ ገብረአማኑኤል ይህን ከመጀመሪያው ቀን አውቀውታል። ቁልቁለቱን እያቃሰቱ ወረዱ፤ እኔም ተከተልኩ።

የታችኞቹ ሽማግሌ ሼህ ያሕያ ከጋሼ ጋር እኩያ ናቸው፤ በልጅነት አብረው ከብት አጠጥተዋል። ደጃቸው ላይ ካለው ጥላ ሥር አስቀመጡን፣ ውሃ ሰጡን፣ የመጣንበትንም እስከ መጨረሻ ሰሙ።

«የዚያን ቀን ጸሐፊዎቹ ያ ጭስ የማን ነው ሲሉህ ምን አልክ?» አሉ።

«የአልዩ አምባ ነው አልኩ።»

«ሰምቻለሁ። ላይ ቤት ሲሳቅበት ሰምቻለሁ። አልዩ አምባ ሄጄ ጠየቅሁ፤ የላይኞቹ ናችሁ አሉኝ። እኛ የትም አልተጻፍንም፣ ገብረአማኑኤል።» ቀጥለውም፦ «በ1953 የፈንጣጣ ከታቢዎች በዚህ ሲያልፉ ዝርዝር ይዘው ነበር። እኛ በዝርዝሩ የለንም። መድኃኒቱ የተመጠነው ለተጻፈው ሰው ነው ብለው አለፉ። የልጄ ሚስት ኩብራ በዚያ ዓመት ሁለት ልጅ ቀበረች።»

ጋሼ ፊታቸው አመድ መሰለ። «ለቅሶ መጥቼ ነበር» አሉ።

«መጥተሃል። አጠገቤ ተቀምጠህ አልቅሰሃል። ያን ጊዜ ይህን ብነግርህ ለቅሶው ሁለት ይሆንብኝ ነበር፤ ለአላህ ትቼው ዝም አልኩ። አሁን ግን ልጆቻችሁ አሉ ወይ ብለህ ስትመጣ ዝም ልልህ አልቻልኩም።»

ከዚያ ደጅ እንዴት እንደተነሣን አላስታውስም። ዳገቱን ስንወጣ ጋሽ ገብረአማኑኤል ሦስት ጊዜ ተቀመጡ፤ ሦስተኛው ላይ ሲያለቅሱ አየሁ። እስቅበት የነበረው ያ ወሬ ትዝ አለኝና እኔም በራሴ አፈርኩ።

በማግስቱ ማለዳ ጋሼ አንድ ደህና ድንጋይ በጫንቃቸው ተሸክመው ወረዱ። የበደለ ሰው በአገራችን ይቅርታ የሚጠይቀው እንዲህ ነው፤ በዳዩ ድንጋዩን ተሸክሞ ይቆማል፣ የተበደለው አውርድ እስኪለው አያወርድም። እኔ ከኋላ፣ ቄስ ገብረመንፈስቅዱስም መስቀላቸውን በነጠላቸው ሸፍነው አብረን ወረድን። ቁልቁለቱ ራሱን ችሎ ለሚሄድ ሰው እንኳ ጉልበት ይበላል። የስድሳ ዓመት ሰው ድንጋይ ተሸክመው ሲወርዱ ማየት ከባድ ነው፤ ላግዝዎ ብል ግን ቀና ብለው እንኳ አላዩኝም።

ሼህ ያሕያ ወጥተው አዩና፣ «እኔ አይደለሁም» አሉ። «ኩብራ ናት።»

ኩብራ ተጠርታ መጣች። ሠላሳ ዓመት ቢሆናት ነው። ሻሿን አስተካክላ ቆመች፣ ድንጋዩን አየች፣ ጋሼን አየች። ጋሼ ድንጋዩን ጫንቃቸው ላይ አመቻቹ።

«ሰሊሃ የምትባል ልጅ ቀርታኛለች» አለች። «ሰባት ዓመቷ ነው። በምትጽፉት ወረቀት ላይ የሷን ስም ከሁሉም አስቀድሙ። የሞቱትንም ጻፉ፤ ለምን እንደሞቱም ጻፉ። እንዲህ ካደረጋችሁ ድንጋዩን ያውርድ፤ አላህ ይቅር ይበለው።»

«ይጻፋል» አሉ ጋሼ፤ ሼህ ያሕያም በሁለት እጃቸው ድንጋዩን ከጫንቃቸው ተቀበሉ። ከታች ቤት የተገኘው ባቄላ ሠላሳ አንድ ነበር።

ወረቀቱ ሊጠናቀቅ ሲል የላይኞቹ ሽማግሌዎች ሰሙና ጉድ ፈላ። ግብሩ ይጨመርብናል፣ የስምንት ዓመቱንም ክፈሉ ይሉናል፣ አንተን ብለን የተደበቅነውን አሳልፈህ ትሰጠናለህ ብለው ጮኹ። ጋሽ ገብረአማኑኤል ሁሉንም ሰሙ። «የእናንተን ስም አላስጽፍም» አሉ። «መላው የኔ ነው፣ አሻራውም የኔ ነው። ትእዛዙን የሰጠሁትም እኔ ነኝ። ግብሩ ግን ይጨመራል፤ እሱን ልደብቃችሁ አልችልም።» አንዱ ተነሥቶ ሄደ። ሌሎቹ እያጉረመረሙ ቆዩ፤ ግን እነሱም ልጆች ነበሯቸው።

የምሥራቁን ወሰን ያን ማታ አስጻፉኝ። እንዲህ ይላል፦ «በስተምሥራቅ የአስታ አፋፍ ወሰን የሼህ ያሕያና የጎረቤቶቹ ማሽላ የሚያልቅበት ደረቅ ወንዝ ነው። በ1949 ዓ.ም. ይህ የእኛ አይደለም ብዬ የተናገርኩት እኔ ገብረአማኑኤል ነኝ፤ ሐሰት ነበር። በዚህ ሐሰት ሰዎቹ ከመዝገብ ወጡ፣ የፈንጣጣ ከታቢም አለፋቸው፣ ሁለት ልጆች ሞቱ። ላይኛውንም መንደር ቀንሼ አስጽፌያለሁ፤ የገዛ ልጄን ሳይቀር። አሁን የምታምኑኝ ስለዚህ ነው፤ የሚጎዳኝን ነግሬያችኋለሁና።» የመጨረሻውን ዓረፍተ ነገር ልሰርዘው ፈልጌ ነበር፤ ደፋር መሰለኝ። ተወው አሉኝ።

በመጋቢት ወረቀቱን የወሰዱት ጋሼና ሼህ ያሕያ አንድ ላይ ናቸው፤ እኔም ነበርኩ። ሹሙ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አነበቡት፤ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉና መልሰው አነበቡት።

«ይህ እንደሚያስቀጣዎ ያውቃሉ?»

«አውቃለሁ፣ ጌታዬ።»

«እርስዎስ?» አሉ ወደ ሼህ ያሕያ ዞረው። «በዚህ ሰው ላይ የሚያቀርቡት ክስ አለ?»

«ነበረኝ» አሉ ሼህ ያሕያ። «እቤቴ ድረስ ተሸክሞ አመጣው፤ አወረድኩለት። አሁን የመጣሁት ለትምህርት ቤቱ ነው።»

ሹሙ በሚያዝያ ራሳቸው መጡ። ከአስታው ጫፍ እስከ መጨረሻው የማሽላ ማሳ በእግራቸው ወረዱ። ጫማቸው የከተማ ጫማ ስለነበረ ሁለት ጊዜ ተንሸራተው ተቀምጠዋል፤ እኛም እንደ ጨዋ ሰው ዓይናችንን ወደ ሌላ አዞርን። ልጆቹን አንድ በአንድ አይተው ሰባ አራት ብለው ጻፉ። እናቶቹ ስም ሲጠራ አማተቡ እንጂ አልከለከሉም።

ትምህርት ቤቱ ተፈቀደ። በዚያው ወር ጋሽ ገብረአማኑኤል ከጭቃ ሹምነት ተሻሩ፤ ግብራችንም ተጨመረ። አንድ ዓመት ያህል ሰላምታ የነፈጓቸው ሰዎች ነበሩ። በሠርግ ቤት የሚቀመጡበትም ቦታ ወደ በሩ ተጠጋ። እሳቸው ግን ለግንቡ ድንጋይ ከሚያመላልሱት መካከል ከማለዳ የሚገኙት ነበሩ። ላይኞቹ ከላይ፣ ታችኞቹ ከታች ድንጋይ እያመጡ፣ ግንቡ በመንደሯ ወገብ ላይ ካለችው ለጥ ያለች ሜዳ ቆመ። ከላይም ከታችም ለሚመጣ ልጅ መንገዱ እኩል ነው፤ ለክተነዋል።

በጥቅምት 1959 ከሰላ ድንጋይ የመጣ ወጣት አስተማሪ ደጃፉ ላይ ጠረጴዛ አውጥቶ መመዝገብ ጀመረ። ሰልፉ እስከ ሜዳው ጫፍ ደረሰ። ኩብራ ሰሊሃን ይዛ ከፊት ነበረች፤ ቀጥለው ጋሽ ገብረአማኑኤል ወለተሐናን በእጃቸው ይዘው ቆመዋል፤ እኔም ከልጄ ጋር ከእሳቸው በኋላ ነበርኩ። አስተማሪው የሰሊሃን ስም ጻፈና ወለተሐናን ጠራ። ስሟን፣ ዕድሜዋን፣ ክርስትና የተነሣችበትን ቤተ ክርስቲያን ጠየቀ።

«ስትወለድ በመንግሥት መዝገብ ተጽፋ ነበር?» አለ።

«አልተጻፈችም» አሉ ጋሼ።

«ምነው?»

ወለተሐና ቀና ብላ አባቷን አየች። ይህን ነገር ከዚያ በፊት ለእሷ የነገራት አልነበረም።

«እኔ ደብቄያት ነው» አሉ ጋሼ፤ ለአስተማሪው ሳይሆን ለእሷ።

አስተማሪው ግራ ቢገባውም ስሟን ጻፈ። ልጅቷ ወደ መዝገቡ ተጠግታ፣ «የቱ ነው የኔ?» አለችው። በጣቱ አሳያት። ጋሽ ገብረአማኑኤልም ጎንበስ ብለው የልጃቸውን ስም ያዩ ጀመር። ፊደሉን እንደማይለዩ ሁላችንም እናውቃለን። ብዙ ቆዩ፤ ከኋላ የተሰለፍነውም ጠበቅናቸው።